በድሮ ፊልም ላይ ያሉ ሰዎችን ለይቶ ስማቸውን በትክክል መጻፍ፦ ለዶክመንተሪ ሠሪዎች የአሠራር መመሪያ

ዶክመንተሪ የሚሠሩ ሰዎች ደጋግመው የሚጠይቁኝ አንድ ነገር ነው። «አርካይቭ (የማኅደር) ፊልም አግኝቻለሁ። ውስጡ ያሉት ሰዎች እነማን እንደሆኑ በምን አውቃለሁ? ስማቸውን እንዴትና የት ልጻፍ? ፈቃድስ የምጠይቀው ከማን ነው?» ለየሰዉ በስልክ ከማስረዳት አንዴ ቁጭ ብዬ ልጻፈው አልኩ።

እናንተ ካሜራ ፊት ተቀምጠው ቃለ መጠይቅ የሰጧችሁን ሰዎች እዚህ አንነካቸውም። እነሱ ስማቸውን በአፋቸው ነግረዋችኋል፣ ፈርመውላችኋልም። እዚህ የምናወራው ሌላ ሰው፣ በሌላ ዘመን፣ ለሌላ ጉዳይ ስለቀረጻቸው ሰዎች ነው። ስለ እናንተ ፊልም የሚያውቁት ነገር የለም። ስለዚህ ስህተት ብትሠሩ የሚያርማችሁ ላይኖር ይችላል።

የሚያስፈልጓችሁ ነገሮች

- ቪዲዮን ፍሬም በፍሬም የሚያሳይ ማጫወቻ (ቪኤልሲ ይበቃል፤ ነፃ ነው)
- ኤክሴል ወይም ሌላ ሠንጠረዥ
- ጥሩ የጆሮ ማዳመጫ
- ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ፣ ከተቻለ ሁለት
- የፊቶቹ ምስል በትልቁ የታተመበት ወረቀት
- ድምፅ መቅጃ (ስልካችሁ ይሆናል)
- ቀን መቀየሪያ፣ ከፈረንጅ ወደ ኢትዮጵያ
- ትዕግሥት። ይሄ ሱቅ አይገኝም።

ደረጃ 1፦ ኦሪጅናሉን ፈልጉ

ዩቲዩብ ላይ ያያችሁት ቅጂ ለመነሻ ይጠቅማል። ለማስረጃ ግን አይሆንም። ቅጂው ተቆርጦ፣ ተቀጥሎ፣ ሙዚቃ ተጨምሮበት፣ አንዳንዴም ግራና ቀኙ ተገልብጦ ነው የሚደርሳችሁ።

ከውጭ የድሮ ዜና ፊልም የሚያስቀምጡትን ብሪቲሽ ፓቴን፣ ሮይተርስን፣ ኤፒን፣ ቢቢሲን ተመልከቱ። ብሪቲሽ ፓቴ እ.ኤ.አ. በ2014 ወደ 85,000 የሚጠጉ ፊልሞችን ዩቲዩብ ላይ ስለለቀቀ ፍለጋው ቀላል ሆኗል። የጣሊያን ወረራ ዘመን ከሆነ የሮሙን የፊልም ማኅደር፣ ኢስቲቱቶ ሉቼን አትርሱ። አገር ውስጥ የብሔራዊ ቴሌቪዥኑ ማኅደር አለ። ለማነጻጸሪያ የሚሆኑ ፎቶዎችና ጋዜጦች ደግሞ ወመዘክርና 6 ኪሎ የሚገኘው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም አሉ።

ኦሪጅናሉን የምትፈልጉት ለምስሉ ጥራት ብቻ አይደለም። ከዜና ድርጅት የሚመጣ ፊልም ብዙ ጊዜ ሾት ሊስት አብሮት አለ። የትኛው ሾት (ካሜራው ሳይቋረጥ የቀረጸው አንድ ቁራጭ) የት፣ መቼ፣ ማንን እንደሚያሳይ የሚዘረዝር ወረቀት ነው። ብዙ ስም የሚገኘው እዚያ ላይ ነው። ፊልሙን ስትጠይቁ ሾት ሊስቱንም በስሙ ጠርታችሁ ጠይቁ። ካልጠየቃችሁ አይልኩትም።

ሁለተኛው ምክንያት ቅንብር ነው። ደርግ ንጉሡን ከማውረዱ በፊት በነበረው ምሽት የወሎን ረሃብ የሚያሳይ የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ፊልም ለሕዝብ አሳይቷል። በረሃብተኞቹ መካከል ግን የቤተ መንግሥት ግብር (ድግስ) ምስሎች ተሰክተውበት ነበር። ያንን ቅንብር ብቻ ያገኘ ሰው ግብሩ ላይ የሚታዩትን እንግዶች በሙሉ «1966 ዓ.ም.፣ ረሃቡ ሲበረታ» ብሎ ሊጽፍ ይችላል። ሁለት ምስሎች ጎን ለጎን ስለተቀጠሉ አንድ ቀን ተቀርጸዋል ማለት አይደለም። እያንዳንዱን ሾት ወደ መጣበት ጥቅል መልሱት።

ምስሉ የተገለበጠ መሆን አለመሆኑን ለማወቅ ጽሑፍ ፈልጉ። የሱቅ ስም፣ የመኪና ታርጋ፣ የመፈክር ጨርቅ፣ ያገኛችሁትን። ጽሑፍ ከሌለ ልብስ እዩ። ሜዳልያ የሚደረደረው በግራ ደረት ላይ ነው፤ የወንድ ኮት ቁልፍ ደግሞ በለባሹ በቀኝ በኩል ነው። ይህን ካላጣራችሁ «ከንጉሡ በስተቀኝ የቆሙት» የሚለው መረጃ ሌላ ሰው ላይ ያርፋል።

ደረጃ 2፦ ፊቶቹን ስም ሳትሰጡ መዝግቡ

ድምፁን ዝጉና ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እዩት። ተራኪው «እነሆ ሚኒስትሩ» ካላችሁ በኋላ ዓይናችሁ ሚኒስትር ብቻ ነው የሚያየው። ከዚያ ለሚታይ ለእያንዳንዱ ፊት ቁጥር ስጡ፤ ያያችሁትን ብቻ ጻፉ። የእኔ ሠንጠረዥ ላይ አንድ መስመር ይህን ይመስላል (መጨረሻ ላይ ያለውን የማስረጃ ደረጃ፣ ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ ደረጃ 5 ላይ አስረዳለሁ)፦

00:02:14–00:02:21 / ሰው 4 / ጥቁር ካባ የደረበ፣ ጺም ያለው፣ ከመኪናው በስተግራ የቆመ / ስም፦ አልታወቀም / ማስረጃ፦ የለም / ደረጃ፦ ሐ

«ባላባት ይመስላል» ብላችሁ አትጻፉ። ካባ የደረበ ሁሉ ባላባት አይደለም። ከሁለት ወር በኋላ «ይመስላል» የሚለው ቃል ከፋይሉ ላይ ይጠፋና ባላባት ብቻ ይቀራል።

ያው ሰው ሌላ ሾት ላይ ደግሞ ከታየ ያንኑ ቁጥር ስጡት። እርግጠኛ ካልሆናችሁ አዲስ ቁጥር ስጡት፤ በኋላ ሁለቱን ማዋሃድ ይቻላል። አንድ ያደረጋችሁትን መለየት ግን ጣጣ ነው።

ደረጃ 3፦ ቀኑንና ቦታውን አስሩ

ሰውን ከመለየት በፊት ቀንን መለየት ይቀድማል። ቀኑ ከታወቀ እዚያ ሊኖሩ የሚችሉት ሰዎች ቁጥር በጣም ይጠባል፤ የዕለቱን ጋዜጣም ማውጣት ትችላላችሁ።

ከጀርባ ያለውን እዩ። ዘውድ የደፋ አንበሳ ያለበት ሰንደቅ ዓላማ የንጉሡን ዘመን ይነግራችኋል። ተሠርቶ ያለቀ አፍሪካ አዳራሽ ከታየ ፊልሙ እ.ኤ.አ. ከ1961 በፊት የተቀረጸ አይደለም። የአዲስ አበባው የሌኒን ሐውልት ከታየ ደግሞ ዘመኑ በጣም ጠባብ ነው። ሐውልቱ የቆመው እ.ኤ.አ. በ1983 ነው፤ የወረደው በግንቦት 1983 ዓ.ም. ነው። አዎ፣ ሁለቱም 1983። በመካከላቸው ግን ሰባት ዓመት ከመንፈቅ ገደማ አለ። «1983» ብሎ የጻፈ ምንጭ ስታገኙ የትኛውን 1983 እንደሆነ ካልጠየቃችሁ፣ የሐውልቱን መመረቅ ከመፍረሱ ጋር ታምታታላችሁ።

የቀን አቆጣጠሩን ሒሳብ እንዲህ ያዙት። ከመስከረም 1 እስከ ታኅሣሥ አጋማሽ አልፎ፣ የፈረንጆቹ ዓመት እስኪለወጥ ድረስ ልዩነቱ 7 ዓመት ነው። ከዚያ እስከ ጳጉሜን 8 ዓመት ነው። ንጉሡ ጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር የተናገሩት እ.ኤ.አ. ጁን 30፣ 1936 ነው፤ በእኛ ሰኔ 23፣ 1928 ዓ.ም.። ከሥልጣን የወረዱት ሴፕቴምበር 12፣ 1974 ነው፤ በእኛ መስከረም 2፣ 1967 ዓ.ም.። በመጀመሪያው ላይ 8፣ በሁለተኛው ላይ 7 ቀነስን። ሠንጠረዡ ላይ ሁለቱንም ቀን በሁለት ዓምድ ጻፉ፤ «ዓ.ም.» እና «እ.ኤ.አ.» የሚሉትን ከቁጥሩ አትለዩ።

ደረጃ 4፦ ስሙን አንብቡ፣ ከዚያ ተጠራጠሩ

ሾት ሊስት የሚጽፈው ፈረንጅ ነው። የአባትን ስም የቤተሰብ ስም አድርጎ ይወስዳል። ስለዚህ «ቢቂላ» ብቻ ብሎ ይጽፍላችኋል፤ «ሥላሴ» ብቻ ተብለው የተጻፉ ንጉሥም ታገኛላችሁ። ኃይለ ሥላሴ ግን አንድ ስም ነው፣ ለሁለት አይቆረጥም። ስትፈልጉ በሁሉም ዓይነት አጻጻፍ ፈልጉ፤ ስትጽፉ ግን የራስ ስም ከአባት ስም ጋር፣ በአማርኛ ሥርዓት ጻፉ። ዝርዝሩን በፊደል ተራ ስታስቀምጡም በራስ ስም አስቀምጡ። አበበ ቢቂላ «አ» ላይ ነው የሚገኘው።

አሁን ለምን መጠራጠር እንዳለባችሁ በአንድ ፊልም ላሳያችሁ። የሮም ማራቶን፣ ጳጉሜን 5፣ 1952 ዓ.ም.፣ በፈረንጆቹ ሴፕቴምበር 10፣ 1960። መሽቷል። ሁለት ሯጮች ጎን ለጎን ይሮጣሉ፤ አንዱ በባዶ እግሩ ነው። ደረታቸው ላይ 11 እና 185 ይነበባል። ሾት ሊስቱ ላይ «አበበ፣ ኢትዮጵያ» ብቻ ቢል በቂ ነው? አይደለም። በዚያ ሩጫ ኢትዮጵያ ሁለት አበበዎች ነበሯት። አበበ ቢቂላ በ2:15:16.2 አንደኛ ወጣ፤ አበበ ዋቅጅራ ሰባተኛ። የሚለያቸው ቁጥሩ ነው፤ ቢቂላ 11 ነበር።

እንግዲያው ቁጥሩን ማመን ነዋ? እሱም አይሆንም። አጠገቡ የሚሮጠው ሞሮኳዊው ራዲ ቤን አብደሰላም 26 ቁጥር ለብሶ ይሮጣል ተብሎ ነበር የሚጠበቀው። የሮጠው ግን 185 ለብሶ ነው። አበበ ራሱ 26ን እየፈለገ ነበር ይባላል። ዝርዝሩን ብቻ ይዞ ፊልሙን የሚያይ ሰው ራዲን አያገኘውም። ስለዚህ የመነሻ ዝርዝሩን ከውጤት ዝርዝሩና ከዕለቱ ፎቶ ጋር አስተያዩ። የሚኒስትሮች መቀመጫ ተራም ሆነ የእስረኞች ቁጥር ሲገጥማችሁ አሠራሩ ያው ነው።

ደረጃ 5፦ ሁለት ነፃ ማስረጃ አምጡ

የእኔ ደንብ አጭር ነው። ሁለት እርስ በርሳቸው ያልተቀዳዱ ማስረጃዎች ካሉ «ሀ»። አንድ ብቻ ካለ «ለ»። መልኩ ይመስላል ከሆነ «ሐ»። ስክሪን ላይ ስም የሚወጣለት «ሀ» ብቻ ነው። ሦስት ድረ ገጾች አንድ ዓይነት መግለጫ ቢይዙ ሦስት ማስረጃ አይደለም፤ ከአንድ ቦታ የተቀዳ አንድ ማስረጃ ነው።

ከሁሉ የሚጠቅመው አዛውንት ማሳየት ነው። የሚበላሸውም እዚሁ ላይ ነው። እንዲህ ብላችሁ አትጠይቁ፦

«አባባ፣ ይሄ ደጃዝማች እገሌ ናቸው አይደል?»

«አዎ ልጄ፣ እሳቸው ናቸው።»

ያገኛችሁት ይሉኝታ ነው። እንግዳ ሆናችሁ ቤታቸው መጥታችሁ፣ ቡና ቀርቦላችሁ፣ ፊታችሁ ላይ «አይደሉም» ማለት ይከብዳቸዋል። ይልቅ የታተሙትን ምስሎች አንድ በአንድ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጡ። ከመካከላቸው ከጉዳዩ ጋር የማይገናኙ የሁለት ሦስት ሰዎች ምስል ቀላቅሉ። ከዚያ፦

«አባባ፣ እስቲ እነዚህን ይዩልኝ። የሚያውቁት ሰው ካለ ይንገሩኝ፤ ከሌለም ችግር የለውም።»

ሰው ከለዩ ቀጣዩ ጥያቄ «በምን አወቋቸው?» ነው። «በመልኩ» ካሏችሁ ደካማ ነው። «ይሄ ግራ እጁ አይዘረጋም፤ ማይጨው ላይ ቆስሎ ነው፣ እየው እንዴት እንዳጠፈው» ካሏችሁ ግን ፊልሙን መልሳችሁ ከፍታችሁ እጁን ማየት ትችላላችሁ። የሚመረመር ምልክት አገኛችሁ ማለት ነው። እማማም አጠገባቸው ካሉ ለብቻቸው፣ በሌላ ሰዓት ጠይቁ። አንዱ ሲናገር ሌላው ይከተላል።

ድምፅ መቅጃውን ስታስነሱ ንገሯቸው። ሰዓቱን ጠዋት አድርጉት፤ ማታ ዓይንም ይደክማል፣ ሰውም ይደክማል።

ማስጠንቀቂያ 1፦ ፊት «የሚያጠራ» መተግበሪያ ለመለያ አትጠቀሙ። የደበዘዘውን ፊት አያጠራውም፤ ከሌሎች ፊቶች የተማረውን ይስልበታል። በምስሉ ላይ ያልነበረ አፍንጫ ይዛችሁ ነው ቤተሰብ ዘንድ የምትሄዱት።

ማስጠንቀቂያ 2፦ ድምፅ ማስረጃ ነው ብላችሁ አትቸኩሉ። የድሮ ዜና ፊልሞች ብዙዎቹ ያለ ድምፅ ተቀርጸው ድምፁ ስቱዲዮ ነው የተጨመረው። ከንፈሩንና ድምፁን አስተያዩ።

ደረጃ 6፦ ሰዎቹን በሦስት ክፈሉ

አንደኞቹ በአደባባይ ሥራቸው ላይ ያሉ የታወቁ ሰዎች ናቸው። ንጉሥ፣ ሚኒስትር፣ ሯጭ። ሁለተኞቹ በሰልፍ ወይም በበዓል መካከል የታዩ ተራ ሰዎች ናቸው። ሦስተኞቹ በመከራቸው ሰዓት የተቀረጹ ናቸው። ረሃብተኛ፣ እስረኛ፣ ለቀስተኛ።

ሦስተኞቹ ላይ ቆም በሉ። የኮረምን የረሃብ ምስሎች ሙሐመድ አሚን ቀርጾ ማይክል በርክ ዘግቦ ቢቢሲ ላይ የታዩት ጥቅምት 13፣ 1977 ዓ.ም. ነው፤ እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 23፣ 1984። በዚያው ሰሞን የካናዳ ቴሌቪዥን የቀረጻት፣ ልትሞት ነው የተባለች ሕፃን ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1985 ለረሃብተኞቹ ገንዘብ በተሰበሰበበት በላይቭ ኤይድ ኮንሰርት ላይ ፊቷን ዓለም አየው። አልሞተችም። ብርሃን ወልዱ እ.ኤ.አ. በ2005 ለንደን በተካሄደው የላይቭ ኤይት ኮንሰርት መድረክ ላይ በእግሯ ቆማ ታየች። ስለዚህ «ይሄ ሰው መቼም ዛሬ የለም» የሚል ግምት ይዛችሁ አትሥሩ። ሰውየው ወይም ልጆቹ ፊልማችሁን ሊያዩት ይችላሉ።

ለሦስተኛው ክፍል የምሠራው እንዲህ ነው። ስሙ ከታወቀ ሰውየውን ወይም ቤተሰቡን ፈልጌ አሳያለሁ፤ ከማስተላለፌ በፊት። ስሙ ካልታወቀ ፊቱን በቅርብ የሚያሳየውን ሾት ትቼ ሰፊውን እወስዳለሁ። ታሪኩን ሳይጎዳ ይሄዳል። ምስሉ ለሌላ ዓመት ወይም ለሌላ አውራጃ ረሃብ «ማሳያ» ሆኖ እንዳይገባም ኤዲተሩን አስጠንቅቁት። ይሄ በጣም የተለመደ ነው፤ የትግራይ ሰው የወሎ፣ የወሎ ሰው የኦጋዴን ሆኖ ሲታይ አይቻለሁ።

ደረጃ 7፦ ፈቃዶቹን ለያዩ

እኔ ጠበቃ አይደለሁም፤ ፊልሙ የሚያከራክር ከሆነ ጠበቃ ያዙ። መሠረቱ ግን ይሄ ነው።

የፊልሙ መብት አንድ ነገር ነው፤ የሰውየው መብት ሌላ። የመጀመሪያውን የሚመለከተው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ነው። ለሁለተኛው የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 አለ። የአንድ ሰው ምስል ያለ ፈቃዱ በአደባባይ እንዳይታይ፣ እንዳይባዛ፣ እንዳይሸጥ ይከለክላል። አንቀጽ 28 ደግሞ ልዩ ሁኔታዎችን ያስቀምጣል፤ ሰውየው የመንግሥት ኃላፊ መሆኑ፣ ወይም ምስሉ በአደባባይ ከተደረገ ነገር ጋር የተያያዘ መሆኑ ከነዚህ መካከል ናቸው። ደረጃ 6 ላይ በሦስት የከፈልነው ለዚህም ይጠቅማል።

ከአርካይቭ ድርጅት ጋር ስትዋዋሉ ስንት ሴኮንድ፣ ለየትኛው አገር፣ ለስንት ዓመት፣ ለቴሌቪዥን ነው ለኢንተርኔት የሚለውን አንብቡ። ውሉ ብዙ ጊዜ በምስሉ ላይ የሚታዩትን ሰዎች ፈቃድ እንደማያካትት በግልጽ ይጽፋል። «ከፍዬበታለሁ» የሚለው መልስ ለፊልሙ እንጂ ለሰውየው አይሆንም። ለፌስቲቫል ብቻ ከፍላችሁ ዩቲዩብ ላይ መጫንም ሌላ ጣጣ ነው።

ደረጃ 8፦ ስክሪን ላይና መጨረሻ ላይ ጻፉ

ማዕረግ የሚጻፈው በተቀረጸበት ቀን የነበረው ነው። በ1916 ዓ.ም. አውሮፓን ሲጎበኙ የታዩት «ራስ ተፈሪ መኮንን» ናቸው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተብለው የነገሡት ጥቅምት 23፣ 1923 ዓ.ም. ነው። ተመልካች እንዳይደናገር «ራስ ተፈሪ መኮንን፣ በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ» ማለት ይቻላል። በመስከረም 1967 የታየ መንግሥቱ ኃይለ ማርያምም ገና ሻለቃ ነው፤ ኮሎኔል ብላችሁ አትሹሙት።

ስክሪን ላይ የሚወጣው ስም፣ ማዕረግ፣ ቦታና ቀን ነው። ጥግ ላይ «የማኅደር ምስል» ብላችሁ አክሉ፤ በተለይ ቀለሙ ደህና የሆነ ፊልም ከሆነ፤ ተመልካቹ የእናንተ ቀረጻ ይመስለዋል። ጽሑፉ ቀስ ብሎ ሁለት ጊዜ እስኪነበብ ይቆይ።

መጨረሻ ላይ ዝርዝሩን ለሁለት ክፈሉት። «ቃለ መጠይቅ የሰጡ» እና «በማኅደር ምስል የታዩ»። አብራችሁ ከደባለቃችሁ በ1966 ዓ.ም. ሌላ ሰው የቀረጻቸው ሰው ለእናንተ ቃል የሰጡ ይመስላል። በፎቶግራፍ ብቻ የታየን ሰው በፊልም ከታዩት ጋር አታስገቡ። ድምፃቸው ብቻ የተሰማ ካሉም «በማኅደር ድምፅ» ብላችሁ ለዩአቸው። አይኤምዲቢ (የፊልሞች መረጃ የሚመዘገብበት ድረ ገጽ) ላይ ፊልሙን ስታስመዘግቡም ለእነዚህ ሰዎች የማኅደር ምስል መሆኑን የሚያመለክተውን ማብራሪያ ከስማቸው ጎን አስገቡ፤ አለዚያ በእናንተ ፊልም ላይ የተወኑ ሆነው ይመዘገባሉ።

ብዙ ጊዜ የሚሠሩ ስህተቶች

- መልክን ማስረጃ ማድረግ። ወንድማማቾች ይመሳሰላሉ፤ አንድ ዓይነት መለዮ የለበሱ መኮንኖችም ይመሳሰላሉ።
- ስሙ የታወቀውን አንድ ሰው ጽፎ አጠገቡ ያሉትን አራቱን መተው። ቢያንስ «ከሌሎች ጋር» በሉ። ሚስትን «ባለቤታቸው» ብሎ ማለፍም ከዚህ አይለይም፤ ስም አላቸው፣ ፈልጉት።
- ያልታወቀን ሰው «አንድ አርሶ አደር»፣ «አንዲት ምስኪን እናት» ብሎ መሰየም። ሙያውንም ሕይወቱንም አታውቁም። «ስማቸው ያልታወቀ፣ ኮረም፣ 1977 ዓ.ም.» ይበቃል።
- የመጨረሻውን ቅጂ ከላኩ በኋላ ሠንጠረዡን መጣል። ፊልሙ ከታየ በኋላ አንድ ሰው ደውሎ «2ኛው ደቂቃ ላይ ያሉት አባቴ ናቸው» ይላል። ያኔ ሰው 4ን ትከፍታላችሁ፤ የቤተሰብ ፎቶ ካላቸው ትጠይቃላችሁ፤ ማስረጃው ከበቃ ከ«ሐ» ወደ «ሀ» ታሻግሩትና በሚቀጥለው ቅጂ ላይ ስማቸውን ታስገባላችሁ። ለአርካይቭ ድርጅቱም ላኩለት፤ ሾት ሊስታቸውን ያርማሉ።